የፀሐይ ማዕድና የቢስቲማ ረከቦት

ሐይቅ ከተማ ላይ መንገዱ ለሁለት ይከፈላል። ከደሴ 30 ኪሎ ሜትር ያህል የመጣው አስፋልት ወደ ውጫሌና ወደ ወልድያ ይቀጥላል፤ ሌላው ወደ ምሥራቅ ታጥፎ ወረባቦን አቋርጦ፣ ቢስቲማን አልፎ፣ ወደ አፋሩ ጭፍራ ይወርዳል። የቢስቲማው ሚኒባስ እስኪሞላ ድረስ በመስኮቱ የአምባሰልን ተራሮች አያለሁ።

የምሄደው ወዳጃ በሚባለው የዱአ ስብሰባ ላይ ለመቀመጥ ነው። ደሴ የሚኖር ባልንጀራዬ እናቱ ቢስቲማ ናቸው። ለሴት ልጃቸው ዱአ ሊያስደርጉ ነውና «ጓደኛህንም ይዘህልኝ ና» ብለውታል። በወሎ እንዲህ ያለ ጥሪ አይታለፍም። እኔም ብዙ ጊዜ በልቤ የማብላላው ጥያቄ ነበረኝ፤ የሚበላውን ሰው የሚለውጥ ምግብ በእውነት አለ ወይ? ሆድ ከመሙላት አልፎ ዓይን የሚገልጥ፣ ሐዘን የሚያቀል፣ የወደቀውን የሚያነሣ ምግብ? በተረትና በግጥም ሞልቷል። እኔ የፈለግሁት ሰው በእጁ ቆርሶ የሚጎርሰውን ነው።

ተራሮቹን አተኩሬ የማያቸውም በዚሁ ምክንያት ነው። እንግሊዛዊው ገጣሚ ሳሙኤል ቴይለር ኮልሪጅ እ.ኤ.አ. በ1797 ጽፎ በ1816 ያሳተመው «ኩብላ ካን» የተባለ ግጥም አለው። በግጥሙ ውስጥ አንዲት ሐበሻ ልጃገረድ የክር መሣሪያ እየመታች ስለ አንድ ተራራ ታዜማለች። በታተመው ግጥም የተራራው ስም አቦራ ነው፤ ገጣሚው በእጁ በጻፈው ቅጂ ላይ ግን አማራ ብሎት ነበር። ያ ዜማ በውስጡ ቢመለስለት ምን እንደሚሆን ሲያስብ፣ ሰዎች የሚፈሩትና ዓይናቸውን የሚጨፍኑበት ሰው ይታየዋል፤ ያ ሰው የማር ጠል ቀምሷል፣ የገነትን ወተት ጠጥቷል። በእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ ውስጥ ከዚህ የበለጠ ዝነኛ አስማታዊ ምግብ ብዙ አይገኝም፤ ዜማው የሚነሣው ደግሞ ከእኛው ተራራ ነው።

እንዴት እዚያ ደረሰ ለሚል ሰው፣ ታሪኩ ረጅም ቅብብሎሽ ነው። እ.ኤ.አ. በ1520 ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ የነገሥታቱ ወንዶች ልጆች በተራራ ላይ ተዘግቶባቸው እንደሚጠበቁ ጻፈ። ኢትዮጵያን በዓይኑ ያላየው ስፔናዊው መነኩሴ ሉዊስ ዴ ኡሬታ ደግሞ በ1610 ያንኑ ተራራ በቤተ መንግሥትና በአትክልት ሞልቶ ምድራዊ ገነት አደረገው። እንግሊዛዊው ሳሙኤል ፐርቻስ ወሬውን ተቀበለ፤ ጆን ሚልተን በ1667 «የጠፋችው ገነት» ውስጥ የአማራን ተራራ በስም ጠራ፤ ሳሙኤል ጆንሰን በ1759 የራስላስን የደስታ ሸለቆ በዚሁ በአማራ አገር አስቀመጠ። ይህን የመጨረሻውን መጽሐፍ ሲራክ ኅሩይ ወደ አማርኛ መልሰውት ብዙ ሰው አንብቦታል።

ተራራው ግሸን ነው። ዛሬ በአምባሰል ወረዳ ውስጥ ያለው፣ አናቱ የመስቀል ቅርጽ ያለው፣ መስከረም 21 ቀን ምእመናን ከየአቅጣጫው የሚወጡበት ግሸን። ወደዚያ የሚወጣ ተሳላሚ ማርና ወተት አይጠብቅም። በሶውን፣ ዳቦ ቆሎውን ቋጥሮ ይወጣል፤ ጠበልና እምነት ይዞ ይወርዳል። በጥንቱ ዘመን ግን እዚያ የነበሩት ልጆች እስረኞች ነበሩ። ንጉሥ የሆነው ወንድማቸው በግብር ቤቱ ሠራዊት ሲያበላ፣ እነሱ ከዚያ ማዕድ ተለይተው በዘበኛ ይጠበቃሉ። አውሮጳ የገነት ምግብ ያሰበበት ስፍራ፣ በእውነቱ ሰው ከወንድሙ ገበታ የተነጠለበት ስፍራ ነበር። ይህን ሳስብ የኮልሪጅ ማር በአፌ ይመርረኛል። የእሱ ተመጋቢ ብቻውን የበላ ነው፤ ከበላም በኋላ ብቻውን ይቀራል፤ ሌላው ሰው ዙሪያውን ከብቦ ይከልለዋል እንጂ አብሮት አይቀመጥም።

ልጅቱ በክር መሣሪያ ተራራውን ታዜማለች ማለቱ ግን ያስደንቀኛል። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰል፣ አንቺሆዬ ከምንላቸው ቅኝቶች አንዱ የዚሁ የተራራ አገር ስም ያለው ነው። ማሪቱ ለገሰ አምባሰልን ስታንጎራጉር የሰማ ሰው፣ በመሰንቆና በክራር ተራራ የሚዘፈንበት አገር ሕልም እንዳልሆነ ያውቃል። ኮልሪጅ ይህን የሚያውቅበት መንገድ አልነበረውም፤ ሆኖም ልክ ነበር።

ሚኒባሱ ሞልቶ ተነሣ። ሐይቁ ወደ ኋላ ቀረ። አባ ኢየሱስ ሞዐ በ13ኛው መቶ ዘመን ያስተማሩበት፣ ተክለ ሃይማኖትም የተማሩበት የእስጢፋኖስ ገዳም በዛፎቹ ውስጥ ተሸሸገ። መንገዱ በማሽላ ማሳና በቁልቋል አጥር መካከል እየተጠማዘዘ ሲሄድ፣ ከግሸን እጅግ የራቀ ሌላ ማዕድ ትዝ አለኝ።

ሄሮዶቱስ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ5ኛው መቶ ዘመን በጻፈው ታሪክ ሦስተኛ መጽሐፍ ውስጥ የፀሐይ ማዕድ የሚባል ነገር አለ። የፋርሱ ንጉሥ ካምቢሰስ ግብፅን ከያዘ በኋላ ዕድሜያቸው ረጅም ነው ወደተባሉት ኢትዮጵያውያን ሰላዮች ላከ። እሱ ኢትዮጵያ የሚለው ከግብፅ በስተደቡብ ያለውን የጥቁር ሕዝብ አገር ሁሉ ነው፤ ወረባቦን በካርታ አስቦ አይደለም። ሰላዮቹ እንዲያጣሩ ከታዘዙት አንዱ ይህ ማዕድ ነበር። ከከተማው ዳር ባለ መስክ ላይ የአራት እግር እንስሳት ሁሉ ሥጋ ተቀቅሎ ይገኛል፤ ቀን የፈለገ ሰው ሁሉ መጥቶ ይበላል። የአገሩ ሰዎች ሥጋውን ምድር ራሷ ታበቅለዋለች ይላሉ። ሄሮዶቱስ ግን ምስጢሩን እዚያው ይነግረናል፦ የከተማው ሹማምንት ሌሊት ሌሊት ሥጋውን እያመጡ ያኖሩታል።

ይህን ክፍል ሳነብ ሁልጊዜ የሚይዘኝ የመጨረሻው ነገር ነው። አስማቱ ከፈረሰ በኋላ የተረፈው ከአስማቱ ይበልጣል። በሌሊት፣ ማንም ሳያየው፣ ለማን እንደሚደርስ ሳይጠይቅ ማዕድ የሚያኖር እጅ አለ። ቀን የሚበላው ሰው ደግሞ የሰጪውን ፊት አይቶ አያፍርም፤ ምድር ሰጠችኝ ይላል።

ቢስቲማ ስንደርስ ገበያው ሊበተን ተቃርቧል። ከጭፍራ በኩል የወጡ አፋሮች ያልተሸጡ ፍየሎቻቸውን ሰብስበው ይነዳሉ፤ የደጋው ሰው እህል በጆንያ ተሸክሞ ወደ ቤቱ ይገባል። ሁለት ዓይነት አገር በአንድ ሜዳ የሚገበያይበት ከተማ ነው። ቅቤው ከቆላ፣ ጤፉ ከደጋ፣ ማሽላው ከዚሁ።

የባልንጀራዬ እናት ከበር ወጥተው ተቀበሉን። «አማን ናችሁ ልጆቼ? ግቡ፣ ግቡ። ደከማችሁ» አሉን። ጉልበታቸውን ልስም ጎንበስ ስል ትከሻዬን ይዘው አነሡኝ። ጓዳው በተቆላ ገብስና በተነጠረ ቅቤ ሽታ ተሞልቷል። ጭኮ እያዘጋጁ ነበር። ገብሱ ታምሶ፣ ተቆልቶ፣ ተፈጭቶ፣ በቅመም በተነጠረ ቅቤ ይታሻል፤ ጥሩ ሆኖ ከተሠራ ሳምንታት አይበላሽም። ለመንገደኛ የተፈጠረ ምግብ ነው። ይህኛውም መንገደኛ ነበር። ልጃቸው ዐረብ አገር በሰው ቤት ትሠራለች፤ ጎረቤት ያለች ልጅ ከሰሞኑ ልትሄድ ስለሆነ ይዛላት ትሄዳለች።

«ሌላ ምንም አትላኪልኝ፣ ጭኮ ብቻ ላኪልኝ ትለኛለች» አሉ እናትየው። «ስትበላው እዚህ ምድጃው ዳር የተቀመጠች ነው የሚመስላት አሉ።»

ከወረባቦና ከአካባቢው ወረዳዎች ስንት ልጆች በዚህ መንገድ እንደሄዱ ያገሩ ሰው ያውቃል። በየቤቱ ስልኳ የሚጠበቅ አንዲት አለች። አንዲት ልጅ በማታውቀው ከተማ፣ በማታውቀው ቋንቋ፣ በሰው ኩሽና ቆማ አንዲት ቁራሽ ጭኮ ስትጎርስ ወረባቦ ትገባለች። አስማታዊ ምግብ ፈልጌ ለመጣ ሰው ፍለጋው እዚያው ጓዳ ውስጥ ሊያበቃ ይችል ነበር።

ማታ ወዳጃው ተጀመረ። ምንጣፉ ተነጥፎ፣ ረከቦቱ ተዘርግቶ፣ ዕጣኑ መጨስ ጀምሯል። ዱአውን የሚመሩት አዛውንት ከግድግዳው ጥግ ተቀመጡ። ሰዎች እየገቡ የያዙትን ያኖራሉ፤ አንዱ ቡና፣ አንዷ ስኳር፣ ሌላው ጫት፣ አንዲት አሮጊት በነጠላቸው ጫፍ የቋጠሩትን ዕጣን። ማንም ምን እንዳመጣ አይናገርም፤ አምጥቶ ያኖራል፣ ይቀመጣል። ክርስቲያን ጎረቤቶችም ነበሩ፤ ማንም እንደ እንግዳ አላያቸውም።

ንፍሮው በትንሽ ሰፌድ ቀረበ። ሰፌዱን አይቼ፣ ሰዉን አይቼ አይበቃም አልኩ። አዛውንቱ እጃቸውን ዘርግተው መረቁ። ዝናቡን በጊዜው አውርድልን፤ ከብቱን አርባልን፤ ያዘነውን አጽናና፤ ባሕር ማዶ ያለችውን ልጃችንን ከክፉ ሰው እጅ ጠብቅ። በእያንዳንዱ «አሚን» ቤቱ ይሞላል። የልጅቱ ስም ሲጠራ እናትየው አንገታቸውን ደፉ፤ ጎናቸው ያሉት ሴት እጃቸውን ያዙ። ከዚያ ሰፌዱ ዞረ። እያንዳንዱ ሰው በጣቱ ጫፍ ጥቂት ያነሣል፣ ለጎረቤቱ ያስተላልፋል። ሁሉ ጋ ደርሶ ተርፎ ተመለሰ። በዚያ ቤት ይህን የሚደነቅበት የለም፤ በረካ አለው ይሉታል እንጂ።

ቡናው በአቦል ጀመረ፤ ቶናው ተከተለ፤ ሦስተኛው በረካ ነው፤ ከሱ በፊት የተነሣ ሰው ምርቃቱን ጥሎ እንደሄደ ይቆጠራል። መንዙማው ዝግ ብሎ ተነሣ፤ ድቤው ገባበት። በሦስተኛው ሲኒ ላይ እናትየው ራሳቸው መናገር ጀመሩ። ልጃቸው ስልክ ሳትደውል ከቆየች ጀምሮ እንቅልፍ እንዳጡ፣ ክፉ ሕልም እንደሚያዩ፣ ለልጆቻቸው እንዳልነገሩ። ልጃቸው፣ ባልንጀራዬ፣ ይህን የሰማው ገና ያን ጊዜ ነበር። አንድ በአንድ ሌሎችም ተናገሩ፤ አንዱ የመሬት ክርክሩን፣ አንዷ የጉልበቷን ሕመም። አዛውንቱ እንትፍ እንትፍ እያሉ ይመርቃሉ፤ ምክር የሚሻውን ይመክራሉ፤ የተጣላውን ነገ እንዲታረቅ ቀን ይቆርጡለታል። በማግስቱ ባልንጀራዬ እናቱ ፀሐይ እስኪወጣ መተኛታቸውን በደስታ ነገረኝ።

ይህንን በሳይንስ የሚተረጉም ሰው የሚለው አያጣም። ጫቱ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1975 የተለየ ካቲኖን የሚባል ንጥረ ነገር አለ፤ ያነቃል፣ ያናግራል፤ ቅጠሉ ከተቀጠፈ በኋላ ቶሎ ስለሚዳከም ነው ገበያው ሁሉ እርጥቡን ለማድረስ የሚሮጠው። ቡናው ካፌይን አለው። ልክ ነው። ግን እነዚህ ሁለቱ ሰው የሚያነቁ ናቸው፤ እናትየውን ያስተኛቸው ሌላ ነገር ነው።

ስለ ጫት ያለኝን ልናገር። በደሴም በኮምቦልቻም፣ በሥራ ሰዓት፣ በየበርጫ ቤቱ ተሰልፎ የሚቅም ወጣት ሳይ ልቤ ያዝናል። እዚያ ምርቃት የለም፣ የሌላውን ችግር የሚሰማ የለም፤ ያው ቅጠል ነው፣ ብቻውን የሚበላ። የጫት ታሪክ የሚነግሩ ሽማግሌዎች፣ ሌሊቱን በጸሎት ለማንጋት የሚተጉ ደጋጎች እንቅልፍ ቢያስቸግራቸው መልአክ ያሳያቸው ቅጠል ነው ይላሉ። ከዚያ ትጋት ተነጥሎ የቀረው ቅጠል ኪስ ያራቁታል፣ እንቅልፍ ይነሣል። ወዳጃውንም ጫቱንም ከነጭራሹ ከሃይማኖት ውጭ ነው የሚሉ የእስልምና ሊቃውንት አሉ፤ ክርክሩ በወሎ ዛሬም ሕያው ነው። የገታንና የዳናን የመሳሰሉ የወሎ የዱአ ስፍራዎችን ታሪክ ለመረዳት የሚሻ፣ የታሪክ ሊቁ ሁሴን አህመድ እ.ኤ.አ. በ2001 ያሳተሙትን የ19ኛው መቶ ዘመን የወሎ እስልምና ጥናት ያንብብ። እኔ ፈራጅ አይደለሁም፤ ያየሁት ግን ማዕዱን የሠራው በየነጠላው ጫፍ የመጣው ነገር መሆኑን ነው።

በወሎ ምድር ተቀምጦ ስለ በረካ ብቻ ማውራት አይቻልም። ይህ አገር የ1965 እና 1966 ዓ.ም.ን ረኀብ ያየ ነው። በየመንገዱ ዳር የተኙትን ሰዎች የንጉሡ መንግሥት ሸሸጋቸው፤ ዮናታን ዲምብልቢ የተባለው እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1973 ፊልሙን ሲያሳይ ነው ዓለም የሰማው። ኢኮኖሚስቱ አማርትያ ሴን እ.ኤ.አ. በ1981 ባሳተመው መጽሐፍ ያንኑ ዓመት መርምሮ የጻፈው እስከ ዛሬ ያሳምመኛል። በደሴ ገበያ የእህል ዋጋ ያን ያህል አልናረም። እንዲያውም ከወሎ እህል እየተጫነ ወደ አዲስ አበባና ወደ አሥመራ ይሄድ ነበር። ገበሬው ከብቱ አልቆ፣ ምርቱ ጠፍቶ፣ እጁ ላይ የሚገዛበት ሳንቲም ስላልነበረ እህል ባለበት አገር ሞተ። መስኩ ላይ የነበረው ማዕድ አልጠፋም፤ በሌሊት የሚያኖረው እጅ ነው የጠፋው። በ1977 ዓ.ም. ደግሞ ባቲና ቆረም መጠለያዎች ሲሞሉ ያው ሐዘን በዝቶ ተደገመ። ወዳጃው ላይ ከተቀመጡት አዛውንቶች መካከል ያን ዘመን በሕይወት ያለፉ ነበሩ። ንፍሮውን በጣታቸው ጫፍ የሚያነሡት እንዲሁ አይደለም።

በወዳጃው ማግስት ወደ ጤና ኬላው የሄድኩት ባልንጀራዬ እዚያ የምትሠራ ዘመድ ስላለችው ነው። በዚያ ያየሁት ምግብ በታሸገ ትንሽ ከረጢት ነው። 92 ግራም ነው፤ 500 ኪሎ ካሎሪ ይሰጣል፤ ኦቾሎኒ፣ የወተት ዱቄት፣ ስኳር፣ ዘይት፣ ቫይታሚንና ማዕድናት ተደባልቀውበታል። ፕላምፒ ነት ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1996 ፈረንሳያውያኑ አንድሬ ብሪያንና ሚሼል ሌስካን ፈጠሩት፤ ዛሬ ሕሊና የተባለው ፋብሪካ እንዲህ ያለውን አልሚ ምግብ አገር ውስጥ ያመርታል። ውኃ አይፈልግም፣ እሳት አይፈልግም፤ ልጁ ከከረጢቱ ይመጠዋል። የክንዱ ዙሪያ ከ11.5 ሴንቲ ሜትር በታች ወርዶ መለኪያው ቀይ ላይ ያረፈ፣ ዓይኑ የፈዘዘ፣ ለቅሶ እንኳ ያቃተው ልጅ በሳምንታት ውስጥ ይስቃል፣ ይሮጣል፣ ያስቸግራል። የገነት ወተት አለ ከተባለ ለእኔ ይኸው ነው።

ይህ ምግብ ከመምጣቱ በፊት እናት በጽኑ የተጎዳውን ልጇን ይዛ በማዕከል ለሳምንታት ትተኛ ነበር፤ ቤቷ ያሉት ሌሎቹ ልጆች ያለ እናት ይቀራሉ። እ.ኤ.አ. በ2000 ኢትዮጵያ ውስጥ፣ በሐዲያ፣ ልጆችን በቤታቸው ማከም ተሞከረ፤ በ1995 ዓ.ም. ድርቅ ደግሞ ኮንሰርን የተባለው ድርጅት እዚሁ ደቡብ ወሎ፣ በደሴ ዙሪያና በቃሉ፣ ይህንኑ ሠራበት። ከ2000 ዓ.ም. ወዲህ ሕክምናው በየቀበሌው ጤና ኬላ በጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞች እጅ ገብቷል። መድኃኒቱን በእናቲቱ እጅ አኑሮ ወደ ጓዳዋ መመለስ፣ ከፈጠራው ራሱ የማያንስ ጥበብ ነው።

አንድ ነገር ግን ቀርቷል። ሠራተኛዋ ለአንዲት እናት የሳምንቱን ድርሻ እየቆጠረች ስትሰጥ፣ «ይህ መድኃኒት ነው እህቴ፤ ለታመመው ብቻ ስጪ፤ ለታላቁ አታካፍይ» አለቻት። እናቲቱ ከረጢቶቹን በነጠላዋ ቋጥራ ቀና ብላ አየቻት።

«እሱ ሲመጥ ታላቁ ቆሞ ያየዋል። በየትኛው አንጀቴ ነው የምከለክለው?»

ሠራተኛዋ መልስ አልነበራትም፤ እኔም ያን ጊዜ አልነበረኝም። ትእዛዙ ትክክል ነው፤ የተካፈለ መድኃኒት ልጁን አያድንም። እናቲቱም ትክክል ናት፤ በእሷ አገር ሰፌድ አንዱን ዘሎ አያልፍም። ይህን የተረዱ ሰዎች ቀድሞም ነበሩ፤ በአንዳንድ የሕክምና ፕሮግራሞች ከልጁ ድርሻ ጋር ለቤተሰቡ ዱቄትና ዘይት ይሰጥ ነበር፣ እናት በሁለት ልጆቿ መካከል እንዳትመርጥ። ገንዘብ ሲያጥር በቅድሚያ የሚቀረው ደግሞ ይኸው ነው። እኔ የምለው መቅረት የለበትም ነው። ለጤና ኬላ በጀት የሚይዙ ሰዎች የታላቁን ዱቄት ከታናሹ ከረጢት ጋር በአንድ መስመር ይጻፉት።